የተጣለ ዕቃ እንዴት ይመሰክራል?

አንድ ያረጀ ጫማ አንሥታችሁ ገልብጡት። የተረከዙ የውጭ ጠርዝ ከውስጡ ይልቅ ተበልቶ ከሆነ ባለቤቱ ሲራመድ ክብደቱን ወደ ውጭ የሚጥል ሰው ነበር ማለት ነው። የውስጡን ንጣፍ ብታዩ ጣቶቹ ያረፉባቸው አምስት ጠቆር ያሉ ጎድጓዶች ታገኛላችሁ፤ የአውራ ጣቱ ጠለቅ ያለ ሲሆን የትንሿ ጣት ግን እምብዛም አይለይም። ማሰሪያው አንድ ቦታ ላይ ተበጥሶ ተቋጥሯል፤ ቋጠሮው በቀዳዳው አላልፍ ስላለ ባለቤቱ የላይኛዎቹን ሁለት ቀዳዳዎች ትቶ ከዚያ በታች ማሰር ለምዷል፣ የተተዉት ቀዳዳዎችም ከሌሎቹ ይልቅ አዲስ መስለው ቀርተዋል። ይህን ሁሉ ማንም ሆን ብሎ አልጻፈውም። ባለቤቱ የሚያውቀው አሮጌ ጫማ መጣሉን ብቻ ነው፤ አረማመዱን፣ ቁጠባውንና ትዕግሥቱን የሚናገር መዝገብ አብሮ መጣሉን አላሰበም።

ይህ ጽሑፍ የሚያብራራው ዋጋ የለውም ተብሎ ከእጅ የወጣ ተራ ዕቃ እንዴት ያለፈ ጊዜ ምስክር እንደሚሆን፣ ምስክርነቱስ የት ላይ እንደሚያበቃ ነው። ነገሩን ለመረዳት ብዙ ጊዜ እንደ አንድ የሚቆጠሩ ሁለት ነገሮችን መለየት ያስፈልጋል። አንደኛው ዐሻራ ነው፤ አጠቃቀም፣ አያያዝና ዘመን በዕቃው አካል ላይ የተዉት ጭረት፣ መበላት፣ ዝገት፣ ጥገና ሁሉ ዐሻራ ይባላል። ሁለተኛው ትዝታ ነው፤ ይህ የሚኖረው በሰው ውስጥ እንጂ በዕቃው ውስጥ አይደለም። ጫማው የተረከዙን መበላት ይዟል፤ ባለቤቱ በዚያ ጫማ ወደ ማን እንደሄደ፣ ከማን ተለይቶ እንደተመለሰ ግን አልያዘም። «ይህ ዕቃ ትዝታ አለው» ስንል ዕቃው በእኛ ውስጥ ያለውን ትዝታ ይቀሰቅሳል ማለታችን ነው። ልዩነቱ ጥቃቅን ቢመስልም ከዚህ በታች የሚነሣው ነገር ሁሉ የቆመው በእርሱ ላይ ነው።

በመጀመሪያ፣ የተጣለ ዕቃ ከተቀመጠ ዕቃ ይልቅ ስለምን ይታመናል? ሰው የሚያስቀምጠውን ይመርጣል። በግድግዳ ላይ የሚሰቀለው ፎቶግራፍ ሁሉም ለብሶና ተስተካክሎ የቆመበት ነው፤ በሣጥን የሚቆለፈው የምስክር ወረቀት እንጂ የወደቁበት የፈተና ወረቀት አይደለም። ሐውልት የሚያቆም፣ ማስታወሻ የሚጽፍ ሰው ወደፊት የሚያየውን ዐይን እያሰበ ነው የሚሠራው። ቆሻሻ የሚጥል ሰው ግን ተመልካች ይመጣል ብሎ አይጠብቅም። ስለዚህ የጣልነው ነገር እንደ ኑዛዜ ሳይሆን ሳናውቅ እንደተናገርነው ቃል ነው፤ ሊታመን የሚገባው በዚህ ምክንያት ነው።

ይህን በተግባር የፈተነ ሰው አለ። ዊልያም ራትጂ የተባለ የአሪዞና ዩኒቨርሲቲ የአርኪዮሎጂ ተመራማሪ እ.ኤ.አ. በ1973 (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) በአሜሪካዋ ቱሳን ከተማ የሰዎችን ዕለታዊ ቆሻሻ ልክ እንደ ጥንታዊ ቅሪት እየለየ፣ እየመዘነና እየመዘገበ ማጥናት ጀመረ። ከዚያም ቤተሰቦች በቃለ መጠይቅ የሚሉትን ከሚጥሉት ጋር ማነጻጸር ተቻለ። ሁለቱ አልተገናኙም። ሰዎች የሚጠጡትን የአልኮል መጠን ከቆሻሻቸው ከሚወጣው ጠርሙስና ጣሳ አሳንሰው ይናገሩ ነበር። ከሁሉ ይልቅ ያስገረመው ደግሞ በዚያው ዓመት የበሬ ሥጋ እጥረት በተከሰተ ጊዜ የታየው ነው፤ ሰዎች ይቆጥባሉ ተብሎ ሲጠበቅ የሚጣለው ሥጋ ጨመረ፤ ምክንያቱም እጥረቱን ፈርተው ከሚችሉት በላይ፣ አሠራሩንም የማያውቁትን ዐይነት ሥጋ ጭምር እየገዙ ያከማቹ ነበር። እነዚህ ሰዎች ዋሽተዋል ለማለት እቸገራለሁ። አብዛኞቻችን ራሳችንን የምናውቀው በአሳባችን እንጂ በሥራችን ልክ አይደለም፤ ቆሻሻው ግን የሥራው መዝገብ ነው።

እንዲህ ያለው ያልታሰበበት ምስክርነት ከጥንት ሲወርድ ደግሞ ልብ ይነካል። በግብፅ የነገሥታቱን መቃብር ይፈለፍሉ የነበሩ ሠራተኞች በሚኖሩበት በዴር ኤል መዲና መንደር፣ ለዕለት ጽሕፈት ባብዛኛው ያገለግል የነበረው የፓፒረስ ወረቀት ሳይሆን ከቁፋሮው የተረፈ የኖራ ድንጋይ ስንጣሪና የሸክላ ገል ነበር። ከእነዚህ ስንጣሪዎች በአንዱ ላይ፣ በዳግማዊ ራምሴስ 40ኛው የንግሥና ዓመት፣ ማለትም ከ3,200 ዓመታት በፊት ገደማ፣ ከሥራ የቀሩ ሰዎች ስም ከነምክንያቱ ሰፍሯል፤ እገሌ ታሟል፣ እገሌን ጊንጥ ነድፎታል፣ እገሌ ጠላ ይጠምቃል፣ እገሌ የእናቱን አስከሬን ይገንዛል። የንጉሡ ሐውልቶች ስለ ድልና ስለ ግዛት ይናገራሉ፤ በዚያ ዘመን አንድ ሠራተኛ በየትኛው ቀን ለምን እንደቀረ የነገረን ግን ተጽፎበት የተጣለው የድንጋይ ስንጣሪ ነው።

አሁን ወደ ጊዜ እንለፍ፤ ምክንያቱም አስቸጋሪው ክፍል ይህ ነው። የተጣለ ነገር ጊዜን የሚናገረው በሁለት መንገድ ነው። አንደኛው አቀማመጡ ነው፤ ያልተነካካ ክምር ሲሆን ከታች ያለው ቀድሞ፣ ከላይ ያለው ኋላ የተጣለ ነው። በአንድ ንብርብር ውስጥ ካሉት ነገሮች መካከል ዘመኑ የሚታወቅ አንድ ነገር፣ ለምሳሌ ሳንቲም፣ ቢገኝ ያ ንብርብር ከሳንቲሙ ሊቀድም አይችልም። ከሳንቲሙ በኋላ ግን በብዙ ዓመታት ሊዘገይ ይችላል፤ አሮጌ ሳንቲም በአዲስ ኪስ ውስጥ ይዞራልና። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው፤ ዕቃው የተሠራበትን ዘመን ዕቃው ከተጣለበት ዘመን ጋር ያደባልቃል። በመካከላቸው ያለው ርቀት ራሱ ትምህርት አለው፤ ለስንት ጊዜ እንዳገለገለ፣ ለስንት ሰው እንደተላለፈ የሚነግረን እርሱ ነው።

ሁለተኛው የቅርጹ መለዋወጥ ነው። ተራ ዕቃ ቀስ በቀስ ይለወጣል፤ ለውጡም የሚሄድበት አቅጣጫ ስላለው ቀኑ ባይታወቅ እንኳ ተራው ይታወቃል። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ፍሊንደርስ ፔትሪ የተባለው ተመራማሪ ጽሑፍ በሌላቸው የግብፅ መቃብሮች የተገኙ ማሰሮዎችን በዚህ መንገድ በቅደም ተከተል አስቀምጧል። ከማሰሮዎቹ አንዱ ዐይነት በመጀመሪያ እጅ አጥብቆ የሚይዘው፣ እንደ ሞገድ የተጠማዘዘ ጆሮ ነበረው፤ እየቆየ ጆሮው ወደ ግድግዳው ተጠጋ፣ ለመያዣነት የማያገለግል ጌጥ ሆነ፣ በመጨረሻም በሸክላው ላይ የተሣለ መስመር ብቻ ሆኖ ቀረ። አሳቡን ይህን ያህል የሚያስረዳ ምሳሌ አላውቅም። ጆሮው ጥቅሙን ካጣ በኋላ እንኳ ሠሪዎቹ መስመሩን አልተዉትም፤ እጃቸው ያለፈውን ያስታውስ ነበር ማለት ይቻላል።

በቅርቡ ዘመን ዕቃም ያው ነው። አሮጌ የመስታወት ጠርሙስ ብታገኙ በጎኑ ሽቅብ የሚወጣውን፣ የቅርጽ ማውጫው ሁለት ግማሾች የተጋጠሙበትን መስመር በጣት እየዳበሳችሁ ተከተሉት። መስመሩ ከአንገቱ ላይ ጠፍቶ አፉ ለስላሳ ከሆነ ጠርሙሱ በሰው ትንፋሽ ተነፍቶ አፉ ለብቻው በእጅ የተበጀለት ነው፤ መስመሩ እስከ አፉ ጠርዝ ድረስ ከዘለቀ ግን እ.ኤ.አ. በ1903 አካባቢ ማይክል ኦዌንስ ከሠራው ዐይነት አውቶማቲክ ማሽን ወዲህ የመጣ ነው ብሎ መገመት ይቻላል። የመጠጥ ጣሳም ቢሆን ከ1960ዎቹ መጀመሪያ አንሥቶ ተገንጥሎ የሚጣል የመክፈቻ ቀለበት ነበረው፤ ከ1975 ጀምሮ ደግሞ ከጣሳው ሳይለይ የሚቀረው ዐይነት መጣ። ስለዚህ በአፈር ውስጥ የተገኘች አንዲት የተገነጠለች ቀለበት ለተመራማሪ እንደ ሳንቲም ታገለግላለች። ባዶ እግር እየወጋች ስታስቸግር የኖረች ቁራጭ ብረት የዘመን መለያ ሆናለች።

የተጣለ ነገር ሲከማች ምን ያህል እንደሚናገር ከሮም ሞንቴ ቴስታቾ የተሻለ ማሳያ የለም። ይህ ወደ 35 ሜትር ከፍታ ያለው ኮረብታ ተፈጥሮ የሠራው አይደለም፤ ከተሰባበሩ የዘይት እንስራዎች የተከመረ ነው፣ ቁጥራቸውም ወደ 53 ሚሊዮን እንደሚደርስ ተገምቷል። እያንዳንዱ እንስራ ባዶውን 30 ኪሎ ግራም ያህል ይመዝን፣ 70 ሊትር ገደማ ዘይት ይይዝ ነበር። የሌላ ዕቃ እንስራ ታጥቦ ዳግመኛ ሲያገለግል የዘይቱ ግን አይሆንም ነበር፤ ዘይቱ በሸክላው ውስጥ ሰርጎ ይበላሻልና። ስለዚህ ሰባብረው በሥርዓት ይደረድሩታል፣ ሽታውን ለማጥፋትም ኖራ ይነሰንሱበታል። አሁን ወደ አንዱ ገል ቀረብ እንበል። በአንገቱ ሥር በቀለም የተጻፈ ጽሑፍ አለ፤ የባዶው እንስራ ክብደት፣ የዘይቱ ክብደት፣ የላኪው ነጋዴ ስም፣ የተጫነበት ቦታ፣ ዓመቱ በስማቸው ይጠራ የነበረው የሮም ሹማምንት፣ የቆንስሎቹ ስም። አብዛኛው የመጣው ዛሬ ደቡብ ስፔን ከምንለው ከባይቲካ ነው። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ሃይንሪክ ድሬሰል የተባለ ጀርመናዊ ተመራማሪ እነዚህን ጽሑፎች ማንበብና መመደብ ሲጀምር፣ የትኛውም የሮማ ታሪክ ጸሐፊ ይጻፍ ብሎ ያላሰበው የንግድ መዝገብ ከቆሻሻ ውስጥ ተነሣ። ጸሐፊው ምናልባት ሚዛኑ አጠገብ ቆሞ ቀለሙ ሳይደርቅ ወደሚቀጥለው እንስራ የሚቸኩል ሰው ነበር።

ነገር ግን ሁሉም ነገር አይተርፍም፤ ይህ ካልተነገረ ማብራሪያው አሳሳች ይሆናል። ሸክላ፣ ድንጋይና መስታወት ይቆያሉ፤ ጨርቅ፣ እንጨት፣ ቆዳና ወረቀት ግን ባክቴሪያና ፈንገስ እየበሉት ይጠፋል። ከእነዚህ አብዛኞቹ ለመኖር እርጥበትና ኦክስጅን ያስፈልጋቸዋል፤ ከሁለቱ አንዱ ሲጎድል መበስበስ ይዘገያል። እንደ ግብፅ በረሃ እጅግ ደረቅ የሆነ ቦታ፣ ወይም አየር የማይገባው እርጥብ ጭቃ ዕቃን ይጠብቃል። ስለዚህ ካለፈው ዘመን ያገኘነው ነገር የዚያ ዘመን ሙሉ ገጽ አይደለም፤ አፈሩ የፈቀደው ብቻ ነው። የሴቶች ሽመና፣ የልጆች የእንጨት መጫወቻ፣ የገመድና የቅርጫት ሥራ ከድንጋይ መሣሪያ ይልቅ አነስተኛ ቦታ የያዘው በሕይወት ውስጥ አነስተኛ ቦታ ስለነበረው ሳይሆን ለስላሳ ስለነበረ ነው።

አፈሩ ሲፈቅድ ምን እንደሚገኝ ሁለት ቦታዎች ያሳያሉ። በሰሜን እንግሊዝ በቪንዶላንዳ የሮማ ወታደሮች ሰፈር፣ ከ1973 ጀምሮ ከእርጥብ አፈር ውስጥ በቀለም የተጻፈባቸው ስስ የእንጨት ገበታዎች ወጡ። ከእነርሱ አንዱ እ.ኤ.አ. በ100 አካባቢ ክላውዲያ ሰቬራ ለወዳጇ ለሱልፒሲያ ሌፒዲና የልደቷን በዓል አብራት እንድታከብር የላከችው ጥሪ ነው፤ ዋናውን ጽሑፍ ጸሐፊ ሲጽፈው የመጨረሻዋን ስንብት ግን በራሷ እጅ ጨምራለች። ሌላው ስለ ካልሲና ስለ ውስጥ ልብስ ይናገራል። ሁለተኛው ቦታ የሩስያዋ ኖቭጎሮድ ነው። እዚያ ከ1951 ወዲህ በበርች ዛፍ ቅርፊት ላይ በሹል መሣሪያ የተጫሩ ከ1,000 በላይ ጽሑፎች ተገኝተዋል፤ ዕዳ፣ ጠብ፣ ትእዛዝ፣ ፍቅር። ከእነዚህ መካከል በ13ኛው ክፍለ ዘመን የኖረ፣ ዕድሜው ወደ ሰባት ዓመት የሚጠጋ ኦንፊም የሚባል ልጅ የተለማመደባቸው ቅርፊቶች አሉ። ፊደሉን ደርድሮ ይጀምራል፣ ከዚያ ይሰለቸውና ሥዕል ይሥላል። በአንዱ ላይ ራሱን በፈረስ ላይ ተቀምጦ የወደቀ ጠላት በጦር ሲወጋ ሥሎ ስሙን አጠገቡ ጽፏል፤ የሰዎቹ እጅ እንደ መንሽ ሆኖ የጣቶቹ ቁጥር ከአንዱ ወደ ሌላው ይለያያል። ይህን ቅርፊት ማንም አላስቀመጠውም፤ ተጥሎ ተረግጦ ጭቃ ውስጥ ገባ። ምናልባት ከእርሱ ትውልድ ታላላቆች ብዙዎቹ ስማቸው ጠፍቶ ሳለ የእርሱ ጣት አቆጣጠር ዛሬም ይታያል።

እስካሁን የተናገርሁት ሁሉ ስለ ዐሻራ ነው፤ ስለማናውቃቸው ሰዎች ዕቃ። የራሳችንን ዕቃ ለመጣል ስናነሣ የሚይዘን ግን ሌላ ነው። የሥነ ልቦና ተመራማሪው ኤንደል ቱልቪንግና ባልደረባው፣ አሁንም በ1973፣ ያቀረቡት ማብራሪያ እዚህ ላይ ይረዳናል፤ አንድ ፍንጭ ትዝታን የሚያስነሣው ነገሩ በአእምሮ በተመዘገበበት ሰዓት አብሮ የተመዘገበ ከሆነ ነው። የአባት አሮጌ ካፖርት ከአባት ጋር በአንድ ላይ ገብቷል፣ ስለዚህ በአንድ ላይ ይወጣል፤ ነገርን ነገር ያነሣዋል የሚባለው ይኸው ነው። ሽታ ደግሞ ከሌሎቹ የስሜት ሕዋሳት በተለየ አቋራጭ መንገድ ስሜትንና ትውስታን ወደሚያስተናግዱት የአንጎል ክፍሎች ይደርሳል፤ የካፖርቱ አንገት ላይ የቀረው ጠረን ከፎቶግራፉ ይልቅ ድንገት ልብ የሚያርድበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው። ዕቃውን ስንጥል ትዝታው ወዲያው አይጠፋም። የሚጠፋው ወደ እርሱ የሚወስደው በር ነው፤ ያ ትዝታ ሌላ በር ከሌለው ግን ዳግመኛ ላንገባበት እንችላለን። ስለዚህ አሮጌ ዕቃ መጣል የሚከብዳቸውን ሰዎች በችኮላ መውቀስ ተገቢ አይመስለኝም።

ቻይናዊው ሠዓሊ ሶንግ ዶንግ ይህን ከእናቱ ጋር ሆኖ አሳይቷል። አባቱ በ2002 ካረፉ በኋላ እናቱ ዣኦ ሺያንግዩዋን በኀዘን ተውጠው ምንም ነገር አልጥልም አሉ፤ ቤቱ በዕቃ ሞላ። ልጃቸው ሊያስጥላቸው ከመታገል ይልቅ በ2005 በቤጂንግ ያ ሁሉ ዕቃ በዐውደ ርእይ እንዲቀርብ አደረገ፤ ከ10,000 በላይ ቁራጭ፣ ያለቀ የጥርስ ሳሙና ቱቦ፣ የጠርሙስ ክዳን፣ ጫማ፣ ባዶ ብልቃጥ፣ በእጥረት ዘመን ተቆጥቦ የደረቀ የልብስ ሳሙና። እናትየው ራሳቸው እየለዩ ይደረድሩ፣ ስለ እያንዳንዱም ያወሩ ነበር። ዐሻራና ትዝታ በአንድ አዳራሽ የተገናኙበት ጊዜ ነው፤ ዕቃው አለ፣ የሚያውቀውም ሰው አጠገቡ ቆሟል። እናትየው በ2009 ዐረፉ። ዕቃዎቹ ከዚያ ወዲህም በየአገሩ ታይተዋል፤ ነገር ግን ያ ሳሙና ለየትኛው ክፉ ቀን እንደተቀመጠ በራሳቸው አንደበት የሚናገር የለም።

የሚያውቀው ሰው ከሌለ ዕቃው ምን ያህል ዝም እንደሚል ደግሞ በኒውዮርክ ግዛት የሚገኘው የዊላርድ የአእምሮ ሕክምና ተቋም በ1995 ሲዘጋ ታየ። በሕንፃው ጣሪያ ሥር ወደ 400 የሚጠጉ ሻንጣዎች ተገኙ፤ ታካሚዎች ሲገቡ የያዟቸው፣ ብዙዎቹም ዳግመኛ ያልከፈቷቸው ነበሩ። በውስጣቸው ልብስ፣ ደብዳቤ፣ ፎቶግራፍና የሥራ መሣሪያ ነበር። እነዚህ ዕቃዎች በብዙ ጥንቃቄ ተመዝግበዋል፤ ዐሻራቸው ሙሉ ነው። ሆኖም ፎቶግራፉ ውስጥ የቆመችው ሴት እኅት ትሁን እጮኛ፣ ያ መሣሪያ የተወደደ ይሁን የተጠላ ሥራ፣ ሻንጣውን በማየት ብቻ አይታወቅም።

እኛ ለሚመጣው ሰው የምንተወው ክምር የተለየ ጠባይ አለው። እስከ 2015 ድረስ 8.3 ቢሊዮን ቶን ፕላስቲክ ተመርቷል፤ አብዛኛው ተጥሎ ዛሬም አለ፤ በ2014 በሃዋይ ባሕር ዳር የቀለጠ ፕላስቲክ ከአሸዋና ከድንጋይ ጋር ተጣብቆ አዲስ ዐይነት ድንጋይ መሆኑ ተመዝግቧል። በሌላ በኩል በሙቀት የሚታተመው የሱቅ ደረሰኝ በኪስ ውስጥ ጥቂት ዓመት ሳይቆይ ይነጣል፣ ደብዳቤያችንም ስልኩ ሲበላሽ አብሮ ይሄዳል። ማሸጊያችን ይቆያል፣ ቃላችን ይጠፋል። ከዚህ ውጭ የሆነ አንድ ነገር ቢኖር ጋዜጣ ነው፤ እነ ራትጂ የቆሻሻ መድፊያዎችን ወደ ታች ሲቆፍሩ በአየር እጦት ሳይበሰብሱ ለአሥርት ዓመታት የቆዩ፣ አሁንም የሚነበቡ ጋዜጦች አግኝተዋል፤ የየንብርብሩን ዘመን ያወቁትም በእነርሱ ላይ ካለው ቀን ነው።

ስለዚህ አንድን ዕቃ ከመጣላችሁ በፊት ልታደርጉት የምትችሉት ቀላል ነገር አለ፤ የሚያውቀው ሰው በሕይወት ሳለ ጠይቁት፣ የማን እንደነበረ፣ መቼና የት እንዳገለገለ በሁለት መስመር ጻፉ፣ የተበላበትን ወይም የተጠገነበትን ቦታ ከቅርብ ፎቶግራፍ አንሡት። ዕቃው ከዚያ በኋላ ቢሄድም በሩ አይዘጋም። እኔ ይህን የጀመርሁት ዘግይቼ ነው። ያረፉ የቤተሰቤ አባል መሳቢያ ሲከፈት የእያንዳንዱን ዕቃ ነገር በትንንሽ ወረቀት ላይ ጻፍሁ፤ መነጽሩ፣ ክሩ ያለቀበት ማጠንጠኛ፣ እርሳሱ፣ ሁሉም የሚናገርለት ሰው አገኘ። አንድ ቁልፍ ብቻ ቀረ። ረጅም የብረት ቁልፍ ነው፤ ጥርሶቹ በብዙ መዞር ለስልሰዋል፣ አውራ ጣት የሚያርፍበት ቦታም ከሌላው ይልቅ ያበራል። ያለነውን ሁሉ ጠየቅሁ፣ የትኛውን በር ይከፍት እንደነበር የሚያውቅ አልተገኘም። በወረቀቱ ላይ ርዝመቱንና የተገኘበትን ቀን ጻፍሁ፣ ከሥሩም ባዶ መስመር ተውሁለት።